የወረዳ ኃላፊን ማን ሾመው፣ ማን ያነሳዋል? ሳይሰማ መነሳትስ ይቻላል ወይ

ታናሽ_ወንድም፦
ሰላም ለሁላችሁ። ቤተሰባችን ውስጥ የገጠመንን ነገር ልጠይቃችሁ ነው፣ እዚህ ሕግ የምታውቁ ሰዎች እንዳላችሁ ስለማይ። ታላቅ ወንድሜ የአንድ ወረዳ ጽ/ቤት ኃላፊ ነበር፣ ወረዳውን አልጠራም። ሲሾም ዋና አስተዳዳሪው በዕጩነት አቅርቦት የወረዳው ምክር ቤት እጅ አውጥቶ ነው ያጸደቀው፣ ቃለ መሐላም ፈጽሟል፣ ፎቶው ሳይቀር ቤት አለ። አሁን ደሞ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ጸሐፊዋ ደብዳቤ ሰጠችው። አራት መስመር አትሞላም። በታየው የአፈጻጸም ጉድለት ምክንያት ከዛሬ ጀምሮ ከኃላፊነት የተነሱ መሆኑን እየገለጽን በእጅዎ የሚገኘውን ንብረት እንዲያስረክቡ ትላለች፣ ከሥር የአስተዳዳሪው ፊርማና ማህተም፣ ግልባጭ ለፋይናንስ፣ ለሲቪል ሰርቪስ፣ ለራሱ ለጽ/ቤቱ። በቃ። ምክር ቤት አልተሰበሰበም፣ ጉድለቱ ምን እንደሆነ አልተነገረውም፣ ጠርቶ የጠየቀውም ሰው የለም። በማግስቱ የመኪናዋን ቁልፍና ላፕቶፑን አስረከበ።

እሱ ተወው ይለኛል። እኔ ግን አልተዋጠልኝም፣ እናታችን ደግሞ ሰው ሁሉ ሰርቆ ነው የተባረረው እያለ ነው ብላ ከቤት መውጣት አቁማለች። ጥያቄዬ እንግዲህ፣ ምክር ቤት የሾመውን ሰው አስተዳዳሪ ብቻውን ማንሳት ይችላል ወይ? ቢችልስ ሳይጠይቀው ይችላል?

የደሴ_ልጅ፦
አይዞህ ወንድሜ፣ የእናታችሁ ነገር ያሳዝናል። ግን እውነቱን ልንገርህ፣ ይሄ የፖለቲካ ሹመት ነው። ሠራተኛ አይደለም ወንድምህ፣ ተሿሚ ነው። የሾመ ይሽራል፣ ከጥንትም እንዲህ ነው። አስተዳዳሪው ሕዝብ ፊት ቆሞ ለሥራው መልስ የሚሰጠው እሱ ነው፣ ስለዚህ የሚያምነውን ሰው ይዞ መሥራት አለበት፣ ካላመነው ሰው ጋር ሦስት ወር ክስና መልስ ሲለዋወጥ ቢከርም የመንገዱ ሥራም የጤና ጣቢያውም ሥራ ይቆማል። ሹመት ርስት አይደለም።

ሰሚራ_ጂ፦
@የደሴ_ልጅ የሾመ ይሽራል ካልክ እኮ የሾመው ማነው? ምክር ቤቱ አይደል እንዴ! አስተዳዳሪው ዕጩ አቀረበ እንጂ አልሾመም። በራስህ አባባል ራሱ ብንሄድ ደብዳቤውን የፈረመው ሰው የመሻር ሥልጣን የለውም ማለት ነው።

የደሴ_ልጅ፦
@ሰሚራ_ጂ እሱ እንኳን ፎርማሊቲ ነው። ምክር ቤቱ መቼ ነው የቀረበለትን ዕጩ አልቀበልም ያለው?

ጠበቃ_ነኝ፦
ሰፋ አድርጌ ልጻፍ፣ ነገሩ እንደሚመስለው አጭር አይደለም። ሕጋችን ተሿሚ የሚባለውን ሁሉ በአንድ ዓይን አያየውም። ዳኛን ውሰዱ። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 79 ንዑስ 4 ላይ ዳኛ ጡረታ ዕድሜው ሳይደርስ ከፈቃዱ ውጭ አይነሳም ይላል፣ የሚነሳው የዲሲፕሊን ጥፋት ፈጽሟል ወይም ጉልህ የሆነ የችሎታና የቅልጥፍና ማነስ አለበት ብሎ የዳኞች አስተዳደር ጉባኤ ሲወስን ወይ ደግሞ በሕመም ምክንያት መሥራት ሲያቅተው ነው፣ እሱም ሆኖ የጉባኤው ውሳኔ በተወካዮች ምክር ቤት ወይም በክልሉ ምክር ቤት በድምፅ ብልጫ መጽደቅ አለበት። ልብ በሉ፣ ጉባኤው ብቻውን አያነሳም፣ ፓርላማውም ብቻውን አያነሳም። ሁለቱም ቁልፍ ካልዞረ በሩ አይከፈትም።

የሰብዓዊ መብት ኮሚሽን ተሿሚዎችም እንደዛው ጠንከር ያለ ነገር አላቸው፣ በማቋቋሚያው አዋጅ 210/1992 የሚነሱበት ምክንያት ተዘርዝሯል፣ ልዩ አጣሪ ጉባኤ ተቋቁሞ ጉዳዩን ያጣራል፣ ከዛ ምክር ቤቱ በ2/3 ድምፅ ነው የሚያነሳው።

ሚኒስትር ላይ ስትመጡ ግን ዝም ነው። አንቀጽ 74 ጠቅላይ ሚኒስትሩ ዕጩ አቅርቦ በምክር ቤቱ ሹመቱን ያስጸድቃል ይላል፣ ማን ያነሳል የሚለውን ግን አይናገርም። በመስከረም 2014 ምክር ቤቱ 22 ሚኒስትሮችን አጽድቋል፣ ከዛ በኋላ ግን በደብዳቤ የተነሱ አሉ። ሚኒስትር ዴኤታ ደግሞ ሲሾምም ፓርላማ አይቀርብም። በታኅሣሥ 2016 የሰላም ሚኒስትር ዴኤታ የነበሩት አቶ ታዬ ደንደአ መነሳታቸውን የሚገልጸውን ደብዳቤ ራሳቸው ፌስቡክ ላይ አውጥተውት ስለነበር ብዙ ሰው አይቶታል፣ በማግስቱ ደግሞ ታሰሩ።

አሁን የሚገርመውን ልንገራችሁ። የቀድሞው የፌዴራል ሲቪል ሰርቪስ አዋጅ 1064/2010 ትርጉም ላይ የመንግሥት ሠራተኛ ማለት ሚኒስትር ዴኤታን፣ ምክትል ዋና ዳይሬክተርንና ከዛ በላይ ያሉትን አይጨምርም ይል ነበር። ስለዚህ አንድ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ሊባረር ሲል በጽሑፍ ክስ ይሰጠዋል፣ መልስ ይሰጣል፣ ዲሲፕሊን ኮሚቴ ያየዋል፣ አስተዳደር ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል። ከሱ በላይ ያለው ኃላፊ ደግሞ አንዱም የለውም። ዳኛው ጥበቃ አለው፣ ጸሐፊዋ ጥበቃ አላት፣ መሃል ላይ ያለው ተሿሚ ሜዳ ላይ ነው የቀረው።

የወንድምህ ጉዳይ ደሞ የክልል ነው፣ የፌዴራሉ አዋጅ አይደርስበትም፣ የክልሉን የወረዳ አስተዳደር ማቋቋሚያ ሕግና የምክር ቤቱን የአሠራር ደንብ ማየት አለብህ። የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ 1183/2012 የሚሉህም ካሉ እሱ ለፌዴራል ተቋማት ነው፣ ወረዳ ላይ ይዘኸው አትሂድ።

ታናሽ_ወንድም፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ ጠበቃ። ይሄን ያህል ጊዜ ወስደህ ስለጻፍክልኝ።

አባ_መዝገብ፦
ብዙ ዘመን ችሎት ላይ ቆይቼ ጡረታ የወጣሁ ሰው ነኝ። አንድ ነገር ልጨምር ልጆቼ። ሁላችሁም ጥፋት አለ የለም፣ ተሰማ አልተሰማ እያላችሁ ነው፣ ጥሩ ነው፣ ግን ዳኛ መዝገብ ሲከፍት መጀመሪያ የሚጠይቀው ይሄንን የማየት ሥልጣን አለኝ ወይ ብሎ ነው። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችን ከ1958 ጀምሮ አንቀጽ 9 ላይ ተከራካሪው ባያነሳው እንኳ ፍርድ ቤቱ የሥረ ነገር ሥልጣን እንደሌለው ሲረዳ መዝገቡን ይዘጋል ይላል። ለምን ይመስላችኋል እንዲህ የጠነከረው? ሥልጣን የሌለው ሰው ትክክል ቢወስን እንኳ ውሳኔው ውሳኔ ስላልሆነ ነው። አንድ ጎረቤቴ ሌባ ይዞ በትክክል ሌባ መሆኑን አረጋግጦ ሁለት ዓመት እስራት ቢፈርድበት እስራቱ ሕጋዊ አይሆንም፣ ሌባው ሌባ ቢሆንም።

ስለዚህ የወንድምየው ጉዳይ ላይ የአፈጻጸም ጉድለት ነበረ አልነበረም ከሚለው በፊት የሚመጣው፣ ደብዳቤውን የፈረሙት ሰው በየትኛው አንቀጽ ነው የፈረሙት የሚለው ነው። ደብዳቤው ላይ አንቀጽ ተጠቅሷል ወይ?

ታናሽ_ወንድም፦
አልተጠቀሰም አባቴ። ምንም ቁጥር የለውም፣ ደብዳቤ ቁጥርና ቀን ብቻ።

አቤል_ለንደን፦
እዚህ አገር ሕግ ስማር አንደኛ ዓመት ላይ የሚያስተምሩን አንድ ጉዳይ አለ፣ ከወንድምህ ጋር ቁርጥ ስለሆነብኝ ልጻፈው። ብራይተን የምትባል የባሕር ዳርቻ ከተማ አለች፣ የፖሊስ አዛዥዋ ሪጅ የሚባል ሰው ነበር። እ.ኤ.አ. በ1957 በሙስና ነገር ታሰረ፣ ተከሰሰ፣ ፍርድ ቤቱ ነፃ አለው። ግን ዳኛው ነፃ ሲለው በዛው ይሄ ሰው ለበታቾቹ የሚሆን የሙያም የሞራልም አመራር አልሰጠም ብሎ ወቀሰው። እንግዲህ ፖሊሱን የሚያስተዳድረው የከተማው ኮሚቴ በ1958 ማርች 7 ተሰበሰበና አሰናበተው። አልጠሩትም፣ ክስ አልሰጡትም፣ ጡረታውም አብሮ ሄደ። በኋላ ጠበቃው ሄዶ እንዲናገር ተፈቀደለት ግን ውሳኔያቸውን አልቀየሩም።

ሰውየው ተከራከረ፣ ታች ባሉት ፍርድ ቤቶች ሁሉ ተሸነፈ፣ በ1963 ግን የጌቶች ምክር ቤት (ያኔ የአገሩ የመጨረሻ ይግባኝ ሰሚ ነበር) ስንብቱ ዋጋ የለውም አለ። ሎርድ ሪድ የሚባለው ዳኛ የጻፈው ነው እስካሁን የሚጠቀሰው። ሰው ከሥራ የሚነሳበትን መንገድ ለያየው፣ አንደኛው ተራ የቅጥር ጉዳይ ነው፣ ሌላው ሹመቱ በሿሚው ፈቃድ ላይ ብቻ የቆመ ሲሆን ነው፣ እዚህ ምክንያት መስጠትም መስማትም ግዴታ አልነበረም። ሦስተኛው ግን ሰውየውን ለማንሳት የሆነ ጥፋት ወይ ጉድለት መኖር አለበት ሲባል ነው፣ እዚህ ላይ ጥፋቱን ነግረኸው መልሱን ሳትሰማ ማንሳት አትችልም። ኮሚቴው ደግሞ ሥልጣኑን ያገኘበት ሕግ ሥራውን ቸል ያለ ወይም ለቦታው የማይበቃ ይሰናበታል ነበር የሚለው። ማለትም ጉድለት አለ ማለት አለብህ፣ ጉድለት አለ ካልክ ደግሞ መስማት አለብህ።

ኮሚቴው ብንሰማውም ያው ነበር የምንወስነው ብሎም ተከራክሮ ነበር፣ አልተቀበሉትም።

አሁን የወንድምህን ደብዳቤ ተመልከት። በፈቃዴ አንስቼሃለሁ አይልም፣ በታየው የአፈጻጸም ጉድለት ይላል! ጉድለት ብሎ ከጻፈ በኋላ ፖለቲካዊ ሹመት ስለሆነ አልጠየቅሁትም ማለት አይችልም። የእንግሊዝ ሕግ ወረዳ ላይ እንደማይሠራ አውቃለሁ፣ አስተሳሰቡን ነው የምለው። ስም የሚያጠፋ ምክንያት ከጻፍክ ያንን ሰው ጠይቀው።

የደሴ_ልጅ፦
@አቤል_ለንደን ይሄ ጥሩ ነጥብ ነው፣ እቀበልሃለሁ፣ ምክንያት ካልጻፈ አንድ ነገር ነው ከጻፈ ሌላ ነው። ግን አንድ ነገር አስቡልኝ። ሙስና የጠረጠርከውን ሰው ልጠይቅህ ነው ብለህ ቀጠሮ ስትሰጠው በዛች ሳምንት ፋይሉን አጥፍቶ፣ ደረሰኙን ቀዶ፣ ምስክሩን አስፈራርቶ ይጠብቅሃል። እኔ በሠራሁበት ቦታ በዓይኔ አይቻለሁ፣ መዝገብ ቤት በሌሊት ተከፍቶ አድሯል። ለዛ ነው መጀመሪያ አንሳው ከዛ አጣራ የምለው።

ሰሚራ_ጂ፦
እሱማ እገዳ የሚባል ነገር አለ እኮ። ከሥራ ታግዶ ደሞዙ እየተያዘ ወይ እየተከፈለው ይጣራ፣ ለዛ ነው የሲቪል ሰርቪሱ ሕግ ማገድን ለብቻው በጊዜ ገድቦ ያስቀመጠው። ማገድ ማለት ጥፋተኛ ነህ ማለት አይደለም። ማንሳት ግን አልቋል ማለት ነው፣ በተለይ ምክንያት ተጽፎበት ግልባጭ ለሦስት መሥሪያ ቤት ሲበተን።

አንተ ያልከው አስተሳሰብ የት እንደሚያደርስ ደሞ እዚሁ አገር አይተነዋል። የቀድሞውን የገቢዎችና ጉምሩክ ባለሥልጣን የሠራተኞች አስተዳደር ደንብ 155/2000 አንቀጽ 37ን አንብበው። ዋና ዳይሬክተሩ በሙስና የጠረጠረውንና እምነት ያጣበትን ማንኛውንም ሠራተኛ መደበኛውን የዲሲፕሊን ሥርዓት ሳይከተል ማሰናበት ይችላል ይል ነበር። ንዑስ 2 ላይ ደሞ እንደዚህ የተሰናበተ ሰው በየትኛውም የዳኝነት አካል ውሳኔ ወደ ሥራ የመመለስ መብት አልነበረውም። መጠርጠር ይበቃ ነበር፣ ማስረጃ አያስፈልግም ነበር፣ ፍርድ ቤቱም ቢፈርድልህ አትመለስም ነበር። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ደሞ (ቁጥሩ መግጠሙ) ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ለተሰጠው አካል የማቅረብ መብት አለው ይላል። አንድ ደንብ፣ ያውም የሚኒስትሮች ምክር ቤት ያወጣው ደንብ፣ የፍርድ ቤትን በር እንዴት ይዘጋል? ያንን ደንብ ያነበብኩ ቀን እንቅልፍ አልወሰደኝም፣ የምሬን ነው። ምክንያቱም ሙስናን ለመዋጋት ተብሎ የወጣ ነው፣ ግን ሙሰኛ አለቃ እጅ ላይ ሲገባ ሀቀኛውን ሠራተኛ የሚያስወጣበት መሣሪያ ይሆናል፣ ጠርጥሬው ነበር ካለ ማን ይጠይቀዋል?

የደሴ_ልጅ፦
@ሰሚራ_ጂ እሺ እገዳው ላይ ተስማምተናል። ታግዶ ይጣራ።

የድሮ_ካቢኔ፦
ዝም ብዬ ሳነብ ነበር። እኔ ካቢኔ ውስጥ ሠርቻለሁ፣ የት እንደሆነ ይቅር። ሁላችሁም የረሳችሁት ነገር አለ፣ እሱም ግምገማ ነው።

ምክር ቤቱ ቢሰበሰብ ኖሮ ብላችሁ ነው የምትከራከሩት። ቢሰበሰብ ምን ይሆን ነበር መሰላችሁ? ውሳኔው እኮ የሚያልቀው ከዛ በፊት በድርጅት (በፓርቲው) መድረክ ነው። እንዴት እንደሆነ ላላየ ሰው ልንገር። አዳራሽ ትገባለህ፣ ስልክ ይጠፋል፣ ወይ ይሰበሰባል። ተራ በተራ ሂስ ይቀርብብሃል፣ የአመለካከት ችግር አለበት፣ ጎጠኝነት ይታይበታል፣ ሕዝብ ያማርራል፣ ቁርጠኝነት ይጎድለዋል። የቱ ሕዝብ፣ መቼ፣ በየትኛው ሥራ ብለህ ብትጠይቅ መከላከል አበዛ፣ ሂስ አይቀበልም ይባላል፣ እሱ ራሱ ሌላ ጥፋት ሆኖ ማስታወሻ ላይ ይጻፋል። ዝም ብትል ደግሞ አመነ። ሂስ የሚያቀርብብህ ሰው ያንተን ወንበር የሚፈልገው ምክትልህ ሊሆን ይችላል፣ እሱው ድምፅ ይሰጣል። መጨረሻ ላይ ውጤት ይሰጥሃል፣ ሲ ወይ ዲ ምናምን፣ ከዛ ጠዋት ምክር ቤት ይጠራና አጀንዳው ሹመትና ሽግሽግ ይባላል፣ አንድ ሰው አስተያየት ካለ ይባላል፣ የለም፣ የሚደግፍ፣ እጅ ይወጣል። ሰባት ደቂቃ አይፈጅም። የምክር ቤቱ አባል የድርጅት አባልም ስለሆነ ማታ የተወሰነውን ጠዋት አይቃወምም።

ስለዚህ የመሰማት መብት የለም አትበሉ፣ መሰማትማ አለ ሌሊቱን ሙሉ ትሰማለህ። ችግሩ የሚሰማህ አካል ሕግ ሥልጣን ያልሰጠው መሆኑ ነው፣ ሥልጣን የተሰጠው አካል ደግሞ አይሰማህም። ይሄ ነው እኔን ለዓመታት ያንገበገበኝ።

ታናሽ_ወንድም፦
@የድሮ_ካቢኔ አሁን ወንድሜን ደውዬ ጠየቅሁት። ከደብዳቤው ሁለት ሳምንት በፊት ግምገማ ነበር፣ እስከ እኩለ ሌሊት ነው የቆዩት፣ ከመሬት ጋር የተያያዘ አንድ ፊርማ አልፈርምም ስላለ የቡድን መንፈስ ያበላሻል ተብሎ እንደነበር ነገረኝ። እስካሁን ለኛ አልነገረንም ነበር። ታዲያ እነሱ በግምገማ ጠይቀነዋል፣ ተሰምቷል ማለት ይችላሉ ማለት ነው?

ጠበቃ_ነኝ፦
ሊሉ ይችላሉ ግን አይሆንም። ፓርቲ አባሉን ይገምግም፣ ከአባልነት ያባርር፣ የራሱ ጉዳይ ነው፣ በአባልነቱ የፈረመበት ደንብ ነው። የወረዳው ጽ/ቤት ግን የፓርቲው ንብረት አይደለም፣ ደሞዙም ከሕዝብ ግብር ነው። ኃላፊን የማንሳት ሥልጣን በሕግ ለምክር ቤቱ ከተሰጠ ጥፋቱ ለምክር ቤቱ ነው መቅረብ ያለበት፣ ኃላፊውም እዛ ነው መልስ መስጠት ያለበት። እዛ አዳራሽ የተነገረው ቡድን መንፈስ ደብዳቤው ላይ ደግሞ አፈጻጸም ጉድለት ሆኗል፣ አየኸው ልዩነቱን? የተወቀሰበትና የተነሳበት ምክንያት አንድ አይደለም። ይሄ ብቻውን ትልቅ ነገር ነው።

አባ_መዝገብ፦
ጠበቃው ያሉት ትክክል ነው። እኔ የምጨምረው፣ መስማት ማለት ሰውየውን አዳራሽ አስገብቶ ማናገር ማለት አይደለም። የተከሰሰበትን አስቀድሞ በጽሑፍ ማወቅ አለበት፣ መልስ ለማዘጋጀት ጊዜ ማግኘት አለበት፣ የሚወስነው ሰው ከሳሹ መሆን የለበትም፣ ሲወሰን ምክንያቱ መጻፍ አለበት። የአገራችን ሽማግሌ እንኳ ዛፍ ሥር ቁጭ ብሎ ሲዳኝ አንተ ምን ትላለህ ሳይል አይበይንም፣ እሱ ራሱ የተጣላው ሰው ወንድም ከሆነም ከሸንጎው ይነሳል። ይሄንን ከአውሮፓ አላመጣነውም።

ናይሮቢ_ነዋሪ፦
ኬንያ ያለሁ ነኝ። እዚህ ያለፈውን ታስታውሳላችሁ፣ ምክትል ፕሬዚዳንቱን ጋቻጓን በኦክቶበር 2024 ፓርላማው በ281 ድምፅ ከሰሰው፣ ጉዳዩ ሴኔት ሄደ፣ ሰውየው ራሱ ሊናገር በተቀጠረበት ከሰዓት ደረቱን አሞኛል ብሎ ሆስፒታል ገባ። ጠበቆቹ ቀን ይሰጠን አሉ፣ ሴኔቱ እምቢ ብሎ ቀጠለና በዛው ማታ ከ11 ክስ 5ቱን አጸደቀ። እዚህ ሰፈር ሰው ሁሉ ለሁለት ተከፍሎ ነበር፣ ግማሹ ሊያመልጥ ነው የታመመው ይላል፣ ግማሹ ሁለት ቀን ቢጠብቁ ምን ይጎዳቸው ነበር ይላል። እኔ ከሁለተኞቹ ነኝ። ያንን ያህል ድምፅ የያዘ ሰው ሁለት ቀን መጠበቅ ምን ያስፈራዋል?

የደሴ_ልጅ፦
@ናይሮቢ_ነዋሪ እሱ ግን የተመረጠ እንጂ ተሿሚ አይደለም።

ናይሮቢ_ነዋሪ፦
ልክ ነህ፣ የተመረጠ ነው። ግን ክስ ደርሶታል፣ ጠበቃ ነበረው፣ ሕዝብ በቴሌቪዥን አይቷል፣ ያም ሆኖ የመሰማት መብቴ ተጥሷል ብሎ ፍርድ ቤት ሄዷል። የወረዳው ሰው አራት መስመር ነው የደረሰው።

ጠበቃ_ነኝ፦
ከአፍሪካ ካነሳን የናይጄሪያው ይሻላል፣ አባ መዝገብ ያሉትን የሥልጣን ጥያቄ በደንብ ያሳያል። ዋና ዳኛቸው ዋልተር ኦኖገን ነበሩ። በጃንዋሪ 2019፣ ምርጫ ሊደረግ ሳምንታት ሲቀሩት፣ ሀብታቸውን በአግባቡ አላስመዘገቡም ተብለው የሥነ ምግባር ችሎት በሚባለው ዘንድ ተከሰሱ። የናይጄሪያ ሕገ መንግሥት ዋና ዳኛ የሚነሳው ፕሬዚዳንቱ የሴኔቱን 2/3 ድጋፍ ሲያገኝ ነው ይላል። የይግባኝ ፍርድ ቤታቸውም በ2017 በሌላ ዳኛ ጉዳይ ላይ፣ በሥራው ላይ ላጠፋው ጥፋት ዳኛ ከመከሰሱ በፊት መጀመሪያ ብሔራዊ የዳኝነት ጉባኤው ይየው ብሎ ነበር። ሆኖም ችሎቱ ጃንዋሪ 23 ቀን ዳኛው በሌሉበት በአንድ ወገን አቤቱታ ይታገዱ ብሎ ትዕዛዝ ሰጠ፣ በ25ኛው ቀን ዓርብ ፕሬዚዳንት ቡሃሪ ይሄንን ትዕዛዝ ይዘው አገዷቸውና ሌላ ተጠባባቂ ዋና ዳኛ አስማሉ። ሴኔቱን የጠየቀ የለም።

አሁን ልብ በሉ፣ ሰውየው ንጹሕ ነበሩ እያልኩ አይደለም። የባንክ ሒሳቦቹን ሳላስመዘግብ የቀረሁት ረስቼ ነው ብለው ነበር፣ ለዋና ዳኛ የማይመች መልስ ነው። በኤፕሪል ጥፋተኛ ተብለው ለ10 ዓመት ከመንግሥት ሹመት ታገዱ። ከዛ በኖቬምበር 2024 የይግባኝ ፍርድ ቤቱ ፍርዱን ሻረው፣ መንግሥትና እሳቸው ተስማምተው ነው፣ የስምምነቱም መሠረት ጉዳዩ በዳኝነት ጉባኤው ሳያልፍ ስለመጣ ችሎቱ የማየት ሥልጣን አልነበረውም የሚል ነው። ወደ 6 ዓመት የሚጠጋ ክርክር። በትክክለኛው በር ቢገቡ ኖሮ ጥፋተኛም ከሆኑ ጥፋተኝነታቸው ጸንቶ ይቀር ነበር። በተሳሳተው በር ስለገቡ ግን አሁን ማንም ሰው ጥፋት ነበረ አልነበረም ብሎ በሙሉ አፉ መናገር አይችልም። ሥነ ሥርዓት ለጥፋተኛ ጥብቅና ነው የምትሉ ሰዎች ይሄንን አስቡት፣ ከሳሽም እኮ ነው የተጎዳው።

ማር_እሸት፦
እኔ ሕግ አላውቅም ግን የእናታቸው ነገር ነው የያዘኝ። አባቴ በደርግ ጊዜ እንደዚሁ በደብዳቤ ተነስቶ፣ ምን አጥፍቶ እንደሆነ ሳይነገረው ሞተ። እኛ ልጆቹ እስካሁን ሰው ሲጠይቀን የምንመልሰው የለንም። ጥፋት ካለው ይነገረን ነበር፣ እንቀበለው ነበር። ባዶው ነው የሚከብደው።

ታናሽ_ወንድም፦
@ማር_እሸት እህቴ ነፍስ ይማር። እናቴም ያለችው ይሄንኑ ነው፣ ካጠፋ ይንገሩኝና ላልቅስ።

አወያይ፦
ሁላችሁም ስላላችሁት ጨዋነት እናመሰግናለን። የቦታና የሰው ስም አትጥሩ፣ እስካሁን አልጠራችሁም፣ እንደዚሁ ቀጥሉ።

ታናሽ_ወንድም፦
እሺ አሁን ምን ላድርግ? ወንድሜ ክስ አልፈልግም ይላል፣ ወደ ቦታው መመለስም አይፈልግም። እሱ የሚፈልገው ያቺ ጉድለት የምትል ቃል እንድትነሳለት ነው፣ ሌላ ቦታ ሥራ ሲጠይቅ ፋይሉ ይከተለዋላ።

ጠበቃ_ነኝ፦
አቤል የጻፈው ሪጅም እኮ እንደዛው ነበር፣ ወደ ወንበሩ ልመለስ አላለም፣ ጡረታውን ይዞ በራሱ ፈቃድ ለመልቀቅ ነው የፈለገው። የሚያሳፍር ነገር አይደለም።

እኔ ብሆን እንዲህ አደርጋለሁ። መጀመሪያ ለምክር ቤቱ አፈ ጉባኤ ማመልከቻ ይጻፍ፣ ለአስተዳዳሪው ሳይሆን ለአፈ ጉባኤው። ሹመቴ የጸደቀው በዚህ ቀን በምክር ቤቱ ነው፣ የተነሳሁት ግን በአስተዳዳሪው ደብዳቤ ነው፣ ምክር ቤቱ ያነሳኝ ከሆነ ቃለ ጉባኤው ይሰጠኝ፣ ካላነሳኝ ደግሞ በየትኛው ሕግ እንደተነሳሁ ይገለጽልኝ ብሎ ይጠይቅ። ስድብ የለ፣ ክርክር የለ፣ አጭር። ጎን ለጎን ለአስተዳዳሪው፣ ታየ የተባለው ጉድለት ምን እንደሆነ፣ መቼና በየትኛው ሪፖርት እንደታየ በጽሑፍ ይገለጽልኝ ይበል። የሩብ ዓመትና የዓመት የሥራ አፈጻጸም ውጤቶቹን ኮፒ ይያዝ፣ ካሉት። ከሁሉም በላይ ግን ማመልከቻውን መዝገብ ቤት ገቢ አስደርጎ የገቢ ቁጥርና ማህተም ያረፈበትን የራሱን ቅጂ ይዞ ይውጣ። በቃል ሰጥቻለሁ ማለት ምንም አያደርግም። ካልመለሱለት ወደ ዞን ከዛ ወደ ክልሉ ምክር ቤት ቅሬታ ሰሚ ይቀጥላል፣ እንባ ጠባቂም አለ፣ የአስተዳደር በደል ማየት ሥራው ነው።

የድሮ_ካቢኔ፦
ቃለ ጉባኤውን መጠየቅ በጣም ጥሩ ነው። አንድ ነገር ልንገርህ ከልምድ፣ ስብሰባ ሳይጠራ ኋላ ላይ ቃለ ጉባኤ ሊጻፍ ይችላል። ስለዚህ በዛ ሰሞን ምክር ቤቱ ተሰብስቦ እንደሆነ የሚያውቁ አንድ ሁለት አባላትን ከአሁኑ ያናግር፣ አበል የተከፈለበት ቀንም ፋይናንስ ላይ ይታወቃል፣ ስብሰባ ያለ አበል አይኖርም።

ሰሚራ_ጂ፦
ኡፍ ይሄን አላሰብኩትም ነበር። ወርቅ ነው ይሄ።

ታናሽ_ወንድም፦
ተመልሼ መጣሁ። ወንድሜ መጀመሪያ እምቢ ብሎ ነበር፣ ይሄን ሁሉ የጻፋችሁትን ስልኬ ላይ ሲያነብ ቆይቶ ራሱ ቁጭ ብሎ ጻፈው፣ አንድ ገጽ እንኳ አልሞላም። ዛሬ ጠዋት አብረን ሄድን። የመዝገብ ቤቷ ልጅ አለቃ ካልፈቀደ አልቀበልም አለችን፣ ማመልከቻ መቀበል እንጂ መወሰን ያንቺ ሥራ አይደለም ብዬ በትህትና ነገርኳት፣ ገብታ ጠይቃ ተመለሰችና ማህተም አደረገችበት። የገቢ ቁጥሩን ይዘናል። አፈ ጉባኤዋ የሉም ተባልን፣ ማመልከቻው ግን ጠረጴዛቸው ላይ ገብቷል።

አባ_መዝገብ፦
ጎበዝ ልጄ። ቀኑን ጻፉት። በአሠራር ደንባቸው መልስ የሚሰጡበት ጊዜ ተቆርጦ ከሆነ ያ ጊዜ ሲያልፍ ሁለተኛ ማመልከቻ ይግባ፣ የመጀመሪያውን ገቢ ቁጥር ጠቅሳችሁ። ሦስተኛ አያስፈልግም፣ ከዛ ወደ ዞን ነው።

ታናሽ_ወንድም፦
እሺ አባቴ። መልስ ሲመጣ እዚሁ እለጥፈዋለሁ።